ድመቷ አረፋ የደፈቀችበት ጠዋት

ድመቷ አረፋ ስትደፍቅ መጀመሪያ ያየኋት እኔ ነኝ። የእህቴ የሠርግ ዕለት ነበር፤ ፀሐይዋ ከአርዲቦ ሐይቅ ማዶ ካለው ጋራ ገና ብቅ ማለቷ ነው። ውኃ ልቀዳ ወደ ጓሮ ስዞር ከማገዶው ክምር ሥር ተኮራምታ አገኘኋት። አፏ አልገጥም ብሎ ለሃጯ እስከ ደረቷ ተዝረክርኳል። በፊት እግሯ ምላሷን እየቧጠጠች የሕፃን ለቅሶ የሚመስል ድምፅ ታሰማለች። እናቴ በእጇ ያሳደገቻት ቀይ ድመት ናት፤ ሰው ሲቀርባት ትተሻሽ ነበር እንጂ ሸሽታ አታውቅም። ላነሳት ጎንበስ ስል ግን ጥርሷን አሳየችኝ። ከአጠገቧ ግማሹ የተጋጠ አጥንት ወድቋል።

«ከወጡ ሥጋ ነው የበላችው!»

ዞር ስል አክስቴ፣ የአባቴ ታናሽ እህት፣ ከኋላዬ ቆማለች። ዓይኗ ከድመቷ ወደ አጥንቱ፣ ከአጥንቱ ደግሞ ዳሱ ውስጥ ወደተደረደሩት ድስቶች ሄደ። ምን እያሰበች እንደሆነ ሳትናገረው ገባኝ።

«ኧረ ቀስ በይ፣ ሰው ይሰማል» አልኳት።

«ይስማ!» አለችኝ።

የአባቴ ቤት ከሐይቅ ከተማ ወደ አርዲቦ በሚወስደው ጥርጊያ መንገድ ዳር ነው። እኔ አግብቼ ከተማው ውስጥ ነው የምኖረው፤ ጨርቅ እሸጣለሁ። ለሠርጉ ዝግጅት ሱቄን ዘግቼ ቀደም ብዬ መጥቼ ነበር። ሙሽራው የውጫሌ ልጅ ነው። ጅዳ ይሠራል፤ የመጣበት ፈቃድ እያለቀ ስለነበር ቀኑ የሚገፋ አልነበረም። ለወንዶቹ ከከተማ ሸራ ተከራይተን ከቤቱ ፊት ለፊት ተከልን። ሸራው ለሴቶቹ ስላልበቃ አባቴና ጎረቤቶቹ በጓሮ በኩል እንጨት አቆሙ፤ ከቤታችን ጀርባ ካለው ትልቅ ሰሳ ቅርንጫፍ ቆርጠው ከላይ አለበሱትና የቅጠል ዳስ ሠሩልን። ሰሳ ጥላው ሰፊ፣ ቅጠሉ ደቃቅ የሆነ ዛፍ ነው። እኛ ሴቶቹ ከዋዜማው ጀምሮ እዚያ ሥር ዋልን። ሽንኩርት ከተፍን፣ ሥጋ መተርን፣ የእህቴን እጅና እግር ሂና ቀባን። ከሐይቁ ነፋስ በመጣ ቁጥር ቅጠሉ ከላያችን ይንሿሿ ነበር።

የወጡ አለቃ ጎረቤታችን ነበረች። እትዬ ነው የምላት። ከእናቴ ጋር አብረው ያደጉ፣ ትዳራቸውን አንድ ሰሞን የያዙ፣ አጥር ብቻ የሚለያቸው ጓደኛሞች ናቸው። ከጥቂት ዓመታት በፊት ልጇ እህቴን ፈልጎ ሽማግሌ ቢልክ አባቴ «ገና ራሱን ያልቻለ ልጅ ነው» ብሎ መለሳቸው። ልጁ በዚያው በባሕር አድርጎ ወደ ሳዑዲ ወጣ። ድምፁ የሚሰማው አልፎ አልፎ ነው። እትዬ ስለዚህ ነገር ቤታችን ውስጥ አንዲት ቃል ተናግራ አታውቅም። የእህቴ ሠርግ ሲቆረጥም ከማንም በፊት የመጣችው እሷ ናት። እንዲያም ሆኖ ሰፈሩ አልረሳውም። በርበሬ ስትመጥን፣ ጨው ስትቀምስ፣ ከጀርባዋ የሚተያዩ ሴቶች እንደነበሩ እኔም አይቻለሁ።

ድመቷን ትቼ ወደ ዳሱ ስገባ ሴቶቹ እያከኩ ነው። ከነጋ ጀምሮ አንዷ «ቁንጫ ነው»፣ ሌላዋ «የሐይቁ ትንኝ ነው» እያሉ ሲስቁ ነበር። አሁን የሚስቅ የለም። አንደኛዋ ክንዷን ገልጣ አሳየችኝ። ቀይ ሽፍታ ከክርኗ እስከ ትከሻዋ ወጥቷል፤ አንዳንዱ እንደ ስንዴ ፍሬ ያበጠ ነው። እኔም አንገቴን ሲያቃጥለኝ የቆየው ነገር ያን ጊዜ ትዝ አለኝና እጄን ሰደድኩ። በጣቴ ሥር ጉብ ጉብ ያለ ነገር ዳሰስኩ።

ከዚያ እናቴ ከቤት ውስጥ ጠራችኝ። አጠራሯ የደህና አልነበረም።

እህቴ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጣለች። ቀኝ ዓይኗ የለም ማለት ይቻላል፤ ያበጠው ቆብ ሸፍኖታል። ከሥሩ እንባ ያለማቋረጥ ይወርዳል። ሂና በተቀባው እጇ ልታሸው ስትል እናቴ እጇን ይዛ ትጎትታለች።

«እቴ፣ ምን ሆኜ ነው?» አለችኝ። «አሸዋ የገባበት ይመስለኛል። ማታ ከወጡ ቀምሻለሁ። ምን አብልታችሁኝ ነው?»

እናቴ ቀና ብላ አየችኝ። ስለ ድመቷ ሰምታለች። ሁለታችንም ያው አንድ ነገር እያሰብን ነበር።

ውጭ አክስቴ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ መናገር ጀምራለች። ስወጣ ዳሱ መሃል ቆማለች፤ ሴቶቹ ዙሪያዋን ይዘዋል፤ እትዬ ማማሰያዋን እንደያዘች ከድስቱ አጠገብ ናት።

«ድመቷ የበላችው ከዚህ ድስት ነው። ሙሽሪት ማታ የቀመሰችው ከዚህ ድስት ነው። ዓይኗ ጠፍቷል፣ ሂዱና እዩ። የሁላችንን ገላ ተመልከቱ። ወጡን ማን ነው የሠራው?»

«እኔ ነኝ የሠራሁት» አለች እትዬ። «ምን ማለትሽ ነው?»

«እኔ ምንም አላልኩም። ድመቷ ናት ያለችው።»

«መርዝ ነው በይው። አፍ አውጥተሽ በይው።»

አክስቴ አላለችውም። ግን ከሴቶቹ መካከል አንዷ «ያ አላህ፣ መርዝ!» አለች፤ ቃሉ ከአፍ ወደ አፍ ሄደ። ልጆቻቸውን ለመፈለግ የሚሮጡ ነበሩ። ጣቷን ወደ ጉሮሮዋ ከትታ ለማስመለስ የምትታገል አንዲት አሮጊት ትዝ ትለኛለች።

እትዬ ማማሰያውን አስቀመጠች። መሬት ላይ ቁጭ አለች፤ የድስቱን ክዳን አነሣች። «ቢስሚላህ» ብላ እጇን ከተተችና ሥጋውን አውጥታ በላች። ሳታላምጥ ትውጥ ነበር። ደግማ ከተተች። መረቁ በክንዷ ላይ እየወረደ ቀሚሷን አበላሸው። ማንም አልከለከላትም። ዓይኗን ከአንድ ሰው ላይ ብቻ አልነቀለችም፤ ከእናቴ ላይ። እናቴ የቤቱ በራፍ ላይ ቆማ ታያታለች። «ተይ፣ ተነሺ» ትላለች ብዬ ጠበቅኩ። እናቴ ግን አፏን በነጠላዋ ጫፍ ይዛ ዝም አለች።

እትዬ ስትጎነበስ ሻሿ ከአንገቷ ሸሸ።

«እዩት! እዩት!» አለች አክስቴ። «አሁኑኑ ወጣባት!»

እውነትም አንገቷ ዙሪያ ቀይ ሽፍታ ተነስቷል። ከመብላቷ በፊት የወጣ ይሁን አይሁን ማንም አላሰበም። እትዬ እጇን ወደ አንገቷ ወስዳ ዳሰሰችው፤ ፊቷ ተለዋወጠ። በዚያች ቅጽበት ራሷንም የተጠራጠረች መሰለኝ። ሳታውቅ የጨመረችው ነገር፣ የተበላሸ ቅመም፣ ዝገት የነካው ዕቃ፣ ምን እንዳሰበች አላውቅም። ተነስታ እጇን ሳትታጠብ በአጥሩ በኩል ወደ ቤቷ ሄደች።

ያን ጊዜ ነው የአክስቴ ልጅ ሕፃን ልጇን ታቅፋ ከማዕዘኑ የጮኸችው። ልጅቷ ገና መናገር የጀመረች ናት። ከንፈሯ አብጧል፤ በተነፈሰች ቁጥር ደረቷ ያፏጫል፤ የጎድን አጥንቶቿ መሃል ቆዳዋ ወደ ውስጥ ይሳባል። አክስቴ የልጅ ልጇን እንዲህ ሆና ስታያት ሴቶቹን ገፍታ ወደ እሷ ሮጠች።

ለስላሳ ይዞ የመጣ ባጃጅ በር ላይ ቆሞ ነበር። እናትና ልጅን ይዤ ገባሁ። አባቴ ስልኩን በእጁ እንደያዘ ባጃጁን ተደግፎ አስቆመን።

«ሠርገኞቹ ከውጫሌ ተነስተዋል። ምን ልበላቸው? መልሳቸው ትያለሽ?»

«ጤና ጣቢያ እስክደርስ ቆየኝ። እደውልልሃለሁ። ምግቡን ማንም እንዳይነካው ብቻ።»

«ሰውን መርዘን ልንድር ነው?» አለ። ለእኔ የተናገረው አይመስለኝም።

መንገዱ ጉድጓድ ብቻ ነው። ሾፌሩ ልጅቷን በመስታወቱ እያየ ሲነዳ ባጃጁ ይዘላል። የአክስቴ ልጅ «ያ ረቢ፣ ያ ረቢ» ትላለች። እኔ የልጅቷን ደረት እየጠበቅኩ ነው፤ አንዱ ትንፋሽ ሲዘገይ የእኔም ይቆማል። ከተማው ስንገባ ፉጨቱ ቀነሰ። ተሻላት ብዬ ነበር። ኋላ እንደገባኝ፣ የቀነሰው አየር የሚያልፍበት እየጠበበ ስለነበር ነው።

ጤና ጣቢያው ውስጥ ተረኛው ጤና መኮንን ወጣት ነው። ልጅቷን ከእናቷ እቅፍ ተቀብሎ አልጋ ላይ አስቀመጣት፤ ነርሷ ኦክስጅን አመጣች፤ እሱ ጭኗ ላይ መርፌ ወጋት።

«ምን በልታ ነው?»

«የሠርግ ወጥ። ተመርዟል እየተባለ ነው» አልኩት።

እጁ ቆመ። «ስንት ሰው በልቷል?»

«ሴቶቹ ሁሉ ቀምሰዋል።»

ነርሷን አየት አደረጋት። አልጋ ስለ ማዘጋጀት፣ ወደ ደሴ ስለ መደወል መነጋገር ጀመሩ። እኔ ስልኬን አወጣሁ። አባቴ ጋ ደውዬ ሠርገኞቹን መልሳቸው ልለው ነበር። ጣቴ ቁልፉ ላይ እያለ የአክስቴ ልጅ እያለቀሰች ተናገረች።

«የኔ ልጅ እኮ ከወጡ አልበላችም።»

ጤና መኮንኑ ዞረ። «ምን አልሽ?»

«በርበሬ አትችልም። ከቤቴ ይዤላት የመጣሁትን ዳቦ በሻይ ብቻ ነው የሰጠኋት። ጠብታ መረቅ አልቀመሰችም፤ ወላሂ።»

«ድመታችንም ታማለች» አልኩ፤ ለምን እንደተናገርኩት እንጃ። «ሥጋውን የበላችው ድመት አረፋ ትደፍቃለች።»

እሱ የልጅቷን ልብስ ገለጥ አድርጎ ሽፍታውን ተመለከተ። አንገቷ ዙሪያ፣ ትከሻዋ፣ ልብስ ያልሸፈነው ክንዷ። ሆዷና ጀርባዋ ንጹሕ ነው። የስልኩን መብራት አብርቶ የልብሷን ኮሌታ በቅርብ አየው። ከዚያ ፕላስተር ቆርጦ አንገቷ ላይ በቀስታ ለጠፈና አነሣው፤ ወደ መስኮቱ ይዞ አቀረበልኝ። ፕላስተሩ ላይ ደቃቅ፣ ወርቃማ፣ ከዓይን ሽፋሽፍት የሚያንስ ፀጉር ተደርድሯል።

«ዛፍ ሥር ነበረች?»

«ዳስ ሥር። የቅጠል ዳስ።»

«አባጨጓሬ አለበት ማለት ነው» አለኝ።

ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። አባጨጓሬ ስንት ጊዜ አይቻለሁ! ልጆች ሆነን በእንጨት እየገፋን ተጫውተንበታል፤ ሲነካን አሳክኮን ትተነዋል። በዚህ ሁሉ መሃል እሱ ይኖራል ብሎ ማን ያስባል?

«አባጨጓሬ መርዝ አለው እንዴ? ሰው ይገድላል?»

«ሁሉም አይደለም። ጎመን ላይ የምታዪው ልሙጡ ትል ቆዳሽ ላይ ቢሄድ ምንም አያደርግሽም። ፀጉራም የሆነውን ነው መጠንቀቅ። ከፀጉራሙም ቢሆን አብዛኛው አቃጥሎ፣ አሳክኮ ይለቃል። ፀጉሩ እንደ መርፌ ይሰካል፤ የሚያሳብጥ ነገር አለው። ትሉ ባይነካሽም ፀጉሩ ረግፎ በነፋስ ይመጣል። ዓይን ውስጥ ሲገባ፣ ወይ እንደዚች ልጅ አስም ያለበት ሰው ሲስበው ነው አደጋው። ከዚህ በፊት ትታፈን ነበር?»

«በብርድ ጊዜ» አለች እናቷ።

«ድመቷስ?» አልኩት እኔ።

«ድመት ገላዋን በምላሷ አይደል የምታጸዳው? ፀጉሯ ላይ ያረፈውን በሙሉ አፏ ውስጥ ከተተችው። ውሻም ቢሆን ትሉን በአፉ ቢይዘው እንዲሁ ነው የሚሆነው። ጓንት አድርጋችሁ አፏን በብዙ ውኃ እጠቡላት፤ ከዚያ ለእንስሳት ሐኪም አሳዩአት።»

ስለ እህቴ ዓይን ስነግረው ፊቱ ኮስተር አለ። እንዳታሸው፣ በንጹሕ ውኃ ደጋግመን እንድናጥበው፣ ከዚያ ሳንውል ሳናድር እንድናመጣት ነገረኝ። የተቀሩት ልብሳቸውን ይቀይሩ፣ ከማከክ ይልቅ በፕላስተር እያነሱ በሳሙና ይታጠቡ። ልወጣ ስል ከኋላዬ ጠራኝ።

«ቅርንጫፉን እንዳታቃጥሉት! ጭሱ ፀጉሩን ይዞ ሰው ላይ ይበትነዋል።»

ልጅቷ መርፌው ደርሶላት ከእናቷ ደረት ላይ ማልቀስ ጀምራ ነበር። ለቅሶዋ ድምፅ ነበረው። ያን ሰምቼ ነው የወጣሁት።

አባቴ ስልክ አያነሣም። እናቴም አታነሣም። ባጃጁ ውስጥ ሆኜ ደጋግሜ ደወልኩ፤ ማንም የለም። ከከተማው ስንወጣ ከፊታችን አቧራ አየሁ፤ የመኪና ጥሩንባ ሰማሁ። ሠርገኞቹ ናቸው። ሚኒባሶቹ ተከታትለው መንገዱን ዘግተው ቀስ ብለው ይሄዳሉ፤ ሚዜዎቹ በመስኮት ወጥተው ያጨበጭባሉ። ሾፌሩ በማሳው ዳር አድርጎ አለፋቸው። አንደኛው ሚዜ አውቆኝ እጁን አወዛወዘልኝ። እኔም አወዛወዝኩለት።

ጓሮ ስገባ ጉድጓድ ተቆፍሯል። አንደኛው ድስት ባዶውን ተጋድሞ ወጡ አፈር ላይ ፈስሷል። ሁለተኛውን ሁለት ሰዎች በጆሮው ይዘው አንሥተዋል። የዳሱን ቅርንጫፍ ደግሞ አንድ ጎረቤት «ክፉ ጥላ ያደረበት ዳስ ነው» እያለ ይጎትታል፤ የጎተተውን ከምድጃው አጠገብ ከምሮታል። እሳቱ ገና አልጠፋም።

«እንዳታቃጥለው!» ብዬ ጮህኩ። «ወጡን አስቀምጡት! ወጡ አይደለም!»

ሁሉም እንደ እብድ አዩኝ። ማብራራት አልቻልኩም፤ ትንፋሽ አጥሮኛል። በረዥም እንጨት ከዳሱ ላይ የቀረውን ቅርንጫፍ ገልብጬ መሬት ላይ ጣልኩት። ቅርንጫፉ መጋጠሚያ ላይ እንደ ሸረሪት ድር የተሸመነ ቡናማ ከረጢት ተንጠልጥሏል። በእንጨቱ ስቀደው ፀጉራም አባጨጓሬዎች አንዱ በሌላው ላይ ሆነው ይላወሳሉ። ቅርንጫፉ ላይ ሌላም ነበር። ከዚያም ሌላ። ከላያችን ሆነው ፀጉራቸውን ሲያራግፉብን አድረዋል።

«ሕፃኗ ወጡን አልቀመሰችም» አልኩ። «ወንዶቹን እዩአቸው። ማታ ከዚሁ ድስት በልተው ሸራ ሥር አደሩ፤ አንድ ሰው አሳክኮታል?»

አባቴ የገዛ ክንዱን አየ። ዛፉ ላይ ወጥቶ የቆረጠ እሱ ነው፤ ክንዱ ቀልቷል፤ ለማንም ሳይናገር ሲያከው ነበር። አክስቴ ስለ ልጅቷ ጠየቀችኝ። ተሻላት ስላት መሬት ላይ ተቀመጠች።

ጥሩንባው በር ላይ ደረሰ።

የሙሽራው አጎት፣ ሐጂው፣ ከሁሉም ቀድመው ገቡ። አባቴ ሊቀበላቸው ሄደ፤ ነገሩን ሳይደብቅ በአጭሩ ነገራቸው። ሐጂው በእርጋታ ሰሙት። ከዚያ ዞር ብለው ጉድጓዱንና የተደፋውን ወጥ አዩ።

«ምግቡ ንጹሕ ነው ትለኛለህ። ታዲያ ለምን ትቀብረዋለህ?»

ሚዜዎቹ ጭብጨባቸውን አቁመዋል። ሙሽራው ከኋላ ሆኖ ተንጠራርቶ ይመለከታል። ከሠርገኞቹ መካከል ሴቶች እርስ በርስ ሲንሾካሾኩ፣ አንዷም ወደ መኪናው ስትመለስ አየሁ። አንድ ክፉ ቃል ቢወጣ ያ ሠርግ እዚያው ይፈርስ ነበር።

አባቴ ወደ ድስቱ ሄደ። ሳህን ይዞ ጨለፈ፤ በቁሙ በላ። ቀጥዬ እኔ በላሁ። እናቴም መጣችና ከሳህኑ አንሥታ በላች። ሐጂው ሦስታችንንም ሲያዩ ቆዩ። ከዚያ እጃቸውን ዘረጉና «ቢስሚላህ» ብለው ጎረሱ። ቀስ ብለው አላምጠው ዋጡ።

«ጨው አንሶታል» አሉ። «ሰውን ከዚህ ቅጠል ሥር አውጡ። ሁሉም ወደ ሸራው ይግባ። ኒካሑ ይታሰር፤ ሙሽሪት ሐኪም ቤት መሄድ አለባት።»

ምስክሮቹ ፈቃዷን ሊጠይቁ በሩ ላይ ሲቆሙ እህቴ ዓይኗ ላይ እርጥብ ጨርቅ ይዛ ነበር። «ፈቅጃለሁ» ስትል ድምፅዋ ቀጭን ቢሆንም ተሰማ። ሸራው ሥር አባቴና ሙሽራው እጅ ለእጅ ተያይዘው ኒካሑ ሲፈጸም እኔ በውስጥ በኩል ዓይኗን እያጠብኩላት ነበር። ሙሽራው ዱዓው እንዳበቃ ተነሣ። ሲገባ ፊቷን አየ። እኔ የእሱን ፊት ነበር የማየው።

«በጣም ያምሻል?» አላት።

«ያቃጥላል።»

ባጃጁ ውስጥ አብሯት ገባ፤ ጠጉሯን ከዓይኗ ላይ እየያዘላት ሄዱ። ሠርገኛው ያለ ሙሽራና ያለ ሙሽሪት በላ።

እናቴ የዚያኑ ቀን ከሰዓት ወደ እትዬ ቤት ሄደች፤ እኔም ተከተልኳት። እትዬ ግቢዋ ውስጥ ገላዋን ታጥባ ልብሷን ቀይራ ተቀምጣለች። የሆነውን ሰምታለች። እናቴ ቆመች፤ እትዬ «ተቀመጪ» አላለቻትም።

«አውፍ በይኝ፣ ይቅር በይኝ» አለች እናቴ።

«ሌላው መርዝ አደረገች ይበለኝ፣ ግዴለም። አንቺ እያየሽኝ ነበር።»

«ልጄ ዓይኗ ጠፋ ብዬ፣ ልቤ ሌላ ቦታ ነበር...»

«አውቃለሁ። እኔም ልጅ አለኝ። ግን አንድ ቃል እኮ ነው የጠበቅኩት።»

ከዚያ ተመለስን። መንገድ ላይ አላለቀሰችም፤ ቤት ስንገባ ነው ያለቀሰችው።

ድመቷን ፍለጋ የሄድኩት ሠርገኛውን ከሸኘን በኋላ ነው። አባቴ በጆንያ ጠቅልሎ ያዘልኝ፤ ጓንት አድርጌ በሲሪንጅ ውኃ አፏ ውስጥ ረጨሁ። ምላሷ አብጦ ወደ ጎን ወጥቷል። የእንስሳት ክሊኒኩ ባለሙያ በሬና በግ እንጂ ድመት የሚያመጣለት ሰው እንደሌለ እየነገረኝ መርፌ ወጋት። የምላሷ ጫፍ ጠቁሮ ከቀናት በኋላ ወደቀ። ወተት ስትጠጣ ግማሹን ታፈስሳለች እንጂ ድናለች።

የእህቴ ዓይን ውስጥ አንድ ፀጉር ቀርቶ ደሴ ዓይን ሐኪም ዘንድ ሄዳ በመሣሪያ አወጡላት። ለብዙ ጊዜ ፀሐይ ስታይ ታነባ ነበር፤ አሁን ደህና ናት። የአክስቴ የልጅ ልጅም አገግማለች። አባቴ የቀረውን ከረጢት ሁሉ፣ ፊቱንና እጁን ሸፍኖ፣ በረዥም ማጭድ እየቆረጠ የሳሙና ውኃ ውስጥ ነክሮ ቀበረው። ዛፉን ግን አልቆረጠውም።

አክስቴ ሽማግሌዎች ይዛ እትዬ ዘንድ ሄደች። እትዬ «አውፍ ብያለሁ» አለቻት፤ ሽማግሌዎቹም መርቀው ተመለሱ። በአፍ የቀረ ነገር የለም። ከእናቴ ጋር በአጥሩ ላይ ሰላም ይባባላሉ፤ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ላሞቹ ይነጋገራሉ። እኛ ቤት ግን አልገባችም።

ረመዳን ሲገባ፣ እኔ ለማፍጠር እነሱ ዘንድ በሄድኩበት አንድ ቀን፣ እናቴ ሾርባ በዕቃ ይዛ አጥሩን ዞራ ሄደች። አዛን ሲል አልተመለሰችም። ስልክ ብደውልላት «እዚሁ አፈጥራለሁ» አለችኝ፤ ከጀርባዋ የእትዬ ድምፅ ይሰማል። በነጋታውም ሄደች፤ ከዚያም በኋላ። እትዬ ወደ እኛ መቼ እንደምትመጣ እናቴ አልጠየቀቻትም፤ እኔም እናቴን አልጠየቅኳትም።